ለሽበት የሚገባው ቀጠሮ

በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 19 ሁለት ትእዛዛት ብዙም ሳይራራቁ ተጽፈው ይገኛሉ፤ አንደኛው ለፍርድ የተቀመጠ ሰው ለድኻው ስለ ድኽነቱ አዝኖ እንዳያደላ፣ ባለጸጋውንም ስለ ባለጸግነቱ አፍሮ እንዳያከብር ይከለክላል፤ ሁለተኛው ሽበት ባለበት ሰው ፊት ከመቀመጫ መነሣት እንደሚገባ ያዝዛል። ላይ ላዩን ለሚያነብ ሰው ሁለቱ እርስ በርሳቸው የሚጣሉ ሊመስሉት ይችላሉ፤ አንዱ ፊት አይታችሁ አትፍረዱ ሲል ሌላው ፊት አይታችሁ ተነሡ ይላልና። ነገር ግን የመጀመሪያው የሚናገረው ስለ ፍርዱ ነው፤ ሁለተኛው ፍርዱ እስኪሰጥ ድረስ ሰው በሰው ዘንድ ስለሚያዝበት አኳኋን ነው። ማን ይረታል በሚለው ጥያቄ ላይ ዕድሜ ምስክር ሆኖ ሊቆም አይገባውም፤ ማን አስቀድሞ ይሰማ በሚለው ላይ ግን ዕድሜ ብርቱ ምክንያት ነው፤ በአገራችን የፍትሐ ብሔር ክርክር ውስጥ ተገቢውን ቦታ ሳያገኝ የቆየውም ይኸው ሁለተኛው ነው።

በሐምሌ ወር አጋማሽ፣ በአዲስ አበባ ካሉት ምድብ ችሎቶች በአንዱ፣ ገና ሁለት ሰዓት ተኩል ሳይሞላ መተላለፊያው በባለጉዳይ ተጨናንቋል። የዕለቱ መዝገቦች ዝርዝር በበሩ ላይ በፕላስተር ተለጥፎ፣ አንዱ በሌላው ትከሻ ላይ እያጮለቀ ቁጥሩን ይፈልጋል። ዕድሜያቸው ከሰባ አምስት የማያንስ አንዲት እናት፣ ነጠላቸውን እስከ አገጫቸው ተከናንበው፣ በቀኝ እጃቸው ከዘራ፣ በግራቸው አንድ ጥቁር ፌስታል ይዘው ሲደርሱ፣ ከአግዳሚው ወንበር ላይ ሁለት ወጣቶች በአንድ ጊዜ ብድግ አሉ። «እማማ፣ እዚህ ይቀመጡ፤ እዚህ ይሻልዎታል።» እርሳቸውም ተቀመጡና ፌስታሉን በጉልበታቸው ላይ ፈቱት፤ በውስጡ የክስ ማመልከቻ ቅጂ፣ የወራሽነት ማስረጃ፣ ጠርዙ በእርጥበት የተበላ የቤት ካርታ ፎቶ ኮፒ አለበት። ነገሩ አዲስ አይደለም፤ ባለቤታቸው ከሞቱ በኋላ የሟች ወንድም በግቢው ውስጥ ያሉትን ሰርቪስ ቤቶች ይዞ ኪራዩን ይቀበላል፤ እርሳቸው ድርሻዬ ይከፈለኝ ብለው ከሰዋል፤ መልስ ቀርቧል፣ ጭብጥ ተይዟል፣ የቀረው ምስክር መስማት ነበረ።

ሦስት ሰዓት ካለፈ በኋላ ችሎት አስከባሪው ወጣ። ዳኛው ለሌላ ሥራ ስለ ተጠሩ ለዕለቱ መዝገቦች ተለዋጭ ቀጠሮ እንደሚሰጥ ነገረ። የፍርድ ቤቶች የክረምት ዕረፍት ስለ ተቃረበ የርሳቸው ቀን ወደ ጥቅምት መጨረሻ ወደቀ። ወጣቱ ሠራተኛ ቀኑን በቁራጭ ወረቀት ላይ በትልልቁ ጻፈላቸውና ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «እማማ፣ እኔም አዝናለሁ፤ የዳኛው አጀንዳ ሞልቷል» አላቸው። እርሳቸውም ወረቀቱን አጥፈው በነጠላቸው ጫፍ ቋጠሩና፣ «አንተማ ምን ታደርግ የኔ ልጅ፤ ያደረሰኝ እንደ ሆነ እመጣለሁ» ብለው ተነሡ።

ልብ ይበሉ፤ በዚያ ማለዳ እኒያን እናት የናቃቸው ወይም ያቃለላቸው ሰው አልነበረም። መቀመጫ ለቀውላቸዋል፤ በክብር ጠርተዋቸዋል፤ ከደረጃው ሲወርዱም እጃቸውን የያዘ አልጠፋም። በብዙ መሥሪያ ቤቶች መስኮት ላይ ለአረጋውያን፣ ለነፍሰ ጡሮችና ለአካል ጉዳተኞች ቅድሚያ እንደሚሰጥ የሚገልጽ ጽሑፍ ተለጥፎ እናያለን፤ መልካም ነው፤ ይህ ቅድሚያ ግን ከመስኮቱ አልፎ ወደ ዳኛው አጀንዳ አይገባም። ሰልፉን በሩብ ሰዓት ያሳጠርንላቸው ሽማግሌ፣ ወደ ውስጥ ገብተው የሚሰጣቸው ቀን ከሠላሳ ዓመቱ ጎልማሳ ቀን ጋር አንድ ነው። አረጋዊ ባለጉዳይ ከፍርድ ቤት የሚፈልገው ወንበር ሳይሆን ቀን ነው።

ከዚህ ላይ የቀጠሮን ባሕርይ ትንሽ ማብራራት ያስፈልጋል፤ ፍርድ ቤት ረግጦ የማያውቅ አንባቢ መዘግየትን የአንድ ሰው ስንፍና አድርጎ ሊቆጥረው ይችላልና። ከ1958 ዓ.ም. ጀምሮ በሥራ ላይ ባለው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችን መሠረት ክስ ይቀርባል፤ መጥሪያ ይወጣል፤ ተከሳሽ በጽሑፍ መልስ ይሰጣል፤ ክሱ ይሰማል፤ ጭብጥ ይያዛል፤ ማስረጃ ይቀርባል፤ ምስክር ይሰማል፤ ከዚያም ይፈረዳል። እያንዳንዱ እርከን ቢያንስ አንድ ቀጠሮ ነው፤ እያንዳንዱም ቀጠሮ ሊሰናከል ይችላል፦ መጥሪያው አልደረሰም፤ መዝገቡ ከመዝገብ ቤት አልቀረበም፤ ዳኛ ተዛውሯል፤ ጠበቃው በሌላ ችሎት ነው፤ ምስክሩ ክፍለ ሀገር ሄዷል። ከፍርዱ በኋላም የተረታው ወገን በ60 ቀን ውስጥ ይግባኝ ይላል፤ ከይግባኙም በኋላ ሰበር አለ፤ ሁሉም አልቆ ፍርዱ ሲጸና ደግሞ የአፈጻጸም መዝገብ እንደ ገና ይከፈታል። ሕጉ የተፈረደለት ሰው በ10 ዓመት ውስጥ ፍርዱ እንዲፈጸምለት ማመልከት እንደሚችል ይደነግጋል፤ ለአርባ ዓመት ሰው ይህ ለጋስ ጊዜ ነው፤ ለሰባ ስምንት ዓመት ሰው ምን እንደሚባል አላውቅም።

ለአረጋዊው ይህ ሁሉ እርከን ሌላም አደጋ አለው። ከሳሽ በተቀጠረበት ቀን ሳይቀርብ ቢቀር መዝገቡ ሊዘጋበት ይችላል፤ ለመቅረት በቂ ምክንያት እንደ ነበረው በአንድ ወር ውስጥ አመልክቶ ካላስረዳ በቀር በዚያው ጉዳይ እንደ ገና የሚከስበት መንገድ ይጠብብበታል። ጎልማሳ ሰው በዓመት አንድ ቀን ቢታመም፣ ያ ቀን ከቀጠሮው ጋር የመግጠሙ ዕድል አነስተኛ ነው፤ ከአንድ ወር ውስጥ ግማሹን ጉልበቱንና ደም ግፊቱን ሲያስታምም ለሚያሳልፍ ሽማግሌ ግን ቀጠሮ በበዛ ቁጥር በሕመሙ ቀን ላይ መውደቁ አይቀሬ ነው።

ሕጋችን ስለ ሞት ግን አስቦበታል። ከተከራካሪዎቹ አንዱ ክርክሩ ሳያልቅ ቢሞት፣ ክስ የቀረበበት መብት ከሰውዬው ጋር የማይጠፋ እስከ ሆነ ድረስ ወራሾቹ በቦታው ተተክተው ክርክሩ እንዲቀጥል ይፈቅዳል። እንግዲህ ሕግ አውጪው ባለጉዳይ በክርክር መካከል ሊሞት እንደሚችል ዐውቆ ለሞቱ ሥርዓት ሠርቶለታል፤ ከሞቱ በፊት ስላለው እርጅናው ግን በዚያ ሕግ ውስጥ ዕድሜን መነሻ ያደረገ ቅድሚያ አልሠራለትም። በዘመኑ ይህ ሊያስነውረው አይገባም፤ ነገር ግን ያን ጊዜ ያልታሰበው ዛሬም ሳይታሰብ መቅረቱ ምክንያት የለውም።

ከሰውዬው ጋር የሚጠፋ መብት መኖሩንም አንርሳ። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ ልጅ ራሱን መርዳት ያቃተውን ወላጁን እንዲቀልብ ያስገድዳል። ልጁን በቀለብ የሚከስ አባት በአገራችን ብዙ አይደለም፤ ነውሩ ራሱ ያስቀረዋል፤ ያን ነውር ተሻግሮ ፍርድ ቤት የደረሰ ግን በእውነት የቸገረው ነው። ቀለብ ደግሞ እንደ ቤትና እንደ መሬት ለወራሽ የሚተላለፍ ሀብት አይደለም፤ ለሆድ የሚሰጥ ነው፤ ሆዱ ሲያልፍ ያልፋል። እንዲህ ባለው ክርክር ተከሳሹ ለማሸነፍ ማስረጃ አያስፈልገውም፤ ቀጠሮ ማስረዘም ይበቃዋል።

ይህ ጨካኝ ስሌት በእኛ አገር ብቻ የታየ አይደለም፤ ከሁሉ ይልቅ በግልጥ የታየውና መድኃኒት የተፈለገለት ምናልባት በአሜሪካ በካሊፎርኒያ ግዛት ነው። በዚያ በመርከብ ግንባታና በጥገና ስፍራዎች፣ በማሞቂያና በቧንቧ ሥራ ላይ ሲሠሩ የአስቤስቶስን ብናኝ የተነፈሱ ሰዎች፣ ብናኙ በሳንባቸው ሽፋን ላይ የሚያስከትለው ካንሰር የሚገለጥባቸው ከሃያ እስከ ሃምሳ ዓመት ቆይቶ ስለ ሆነ፣ አምራቾቹን ለመክሰስ ወደ ፍርድ ቤት የሚመጡት ሸምግለውና በሽታው ጸንቶባቸው ነው። የግዛቲቱ ሕግም ለረዥም ዘመን፣ ከሳሹ ከፍርዱ በፊት የሞተ እንደ ሆነ ስለ ደረሰበት ሥቃይ የሚጠይቀው ካሣ አብሮት እንዲቀበር ያደርግ ነበር፤ ወራሾቹ የሚያገኙት እስከ ሞቱ ድረስ ያወጣውን ወጪና የቀረበትን ገቢ የመሰለውን ብቻ ነበረ። ለተከሳሹ ኩባንያ እያንዳንዱ ተለዋጭ ቀጠሮ ምን ያህል ገንዘብ እንደሚያወጣ አንባቢው ራሱ ይገምት። እ.ኤ.አ. ከ2022 ጀምሮ የተሠራበት ማሻሻያ ለወራሾች በር ከፍቷል፤ የቀደመው መድኃኒት ግን ከዚያ በፊት፣ እ.ኤ.አ. በ1979 በግዛቲቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 36 የተደነገገው ነው።

አንቀጹ ዕድሜው ከ70 ያለፈ ተከራካሪ ቅድሚያ እንዲሰጠው መጠየቅ እንደሚችል ይናገራል። ፍርድ ቤቱ ሁለት ነገር ይመረምራል፤ አንደኛው ጠያቂው በጠቅላላው ክርክር ውስጥ ቁም ነገር ያለው ጥቅም እንዳለው ነው፤ ሁለተኛው ቀኑ ካልተፋጠነለት ያ ጥቅሙ እስኪጐዳበት ድረስ ጤናው የታወከ መሆኑ ነው። ሁለቱ ከተገኙ ዳኛው ቅድሚያውን የመስጠት ግዴታ አለበት እንጂ ፈቃዱ አይደለም። ቅድሚያው ከተሰጠ በኋላ ነገሩ የሚሰማበት ቀን ከ120 ቀን በላይ ሊርቅ አይችልም፤ ተከራካሪው ወይም ጠበቃው በአካሉ ካልታወከ፣ ወይም በመዝገብ ላይ የሚጻፍ በቂ ምክንያት ካልተገኘ በቀርም አይራዘምም፤ ቢራዘምም ከ15 ቀን አያልፍም። ዕድሜው ምንም ቢሆን፣ ከስድስት ወር በላይ መኖሩ እጅግ የሚያጠራጥር መሆኑ በሐኪም ማስረጃ በግልጥ ለተረጋገጠ ሰውም ፍርድ ቤቱ ቅድሚያ ሊሰጥ ይችላል።

የዚህ ድንጋጌ ብልኃት በቁጥሮቹ ውስጥ ነው። «በተቻለ ፍጥነት»፣ «ያለ አግባብ ሳይዘገይ» የሚሉ ቃላት በየአገሩ ሕግ ውስጥ ሞልተዋል፤ ማንንም አፋጥነው አያውቁም፤ የተቻለው ፍጥነት ምን ያህል እንደ ሆነ የሚናገረው ያው የዘገየው ወገን ነውና። 120 ቀን ግን ማንም በጣቱ የሚቈጥረው ነው። የተከሳሽ ጠበቆች ጊዜው ለዝግጅት አይበቃም፣ ባለሙያ ምስክር ፈልጎ፣ የሌላውን ወገን ሰነድ መርምሮ ለመቅረብ ይጠብባል ብለው ያማርራሉ። ቅሬታቸው ሐሰት አይደለም፤ ተዘጋጅቶ መከራከር ለተከሳሹም መብት ነውና ሊታሰብበት ይገባል። ቢሆንም በሁለቱ ጉዳቶች መካከል ልዩነት አለ፤ ለመዘጋጀት ጊዜ ያጠረው ወገን ጉዳቱን በይግባኝ ሊያሰማ ይችላል፤ ሳይሰማ የሞተው ግን ይግባኝ የሚልበት ችሎት በዚህ ዓለም የለውም።

ብራዚል ደግሞ በሌላ መንገድ ሄዳለች። እ.ኤ.አ. በ2003 ባወጣችው የአረጋውያን ሕግ 60 ዓመት የሞላው ሰው ተከራካሪ የሆነበት መዝገብ በየትኛውም እርከን ላይ ቅድሚያ እንዲያገኝ ደንግጋለች፤ ጤናን መመርመር አላስፈለጋትም፤ ዕድሜውን ማስረዳት ብቻ ይበቃል። መዝገቡም ከሌሎቹ የሚለይበት ምልክት ይደረግበታል። ነገር ግን ስድሳ ዓመት የሞላው ሰው ብዙ በሆነበት አገር ቅድሚያውም በተራው ሰልፍ ይሆናልና፣ እ.ኤ.አ. በ2017 ከ80 በላይ ለሆኑት ከአረጋውያኑም መካከል ልዩ ቅድሚያ ተጨመረ። በዚህ ሕግ ውስጥ ከሁሉ የማረከኝ አንድ ንኡስ ድንጋጌ ነው፤ ባለመብቱ ቢሞት ቅድሚያው አይቋረጥም፤ ከ60 ዓመት በላይ ለሆነች ሚስቱ ወይም ለባልዋ ይተላለፋል።

ወደ አገራችን እንመለስ። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 37 ማንም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ አካል አቅርቦ ውሳኔ የማግኘት መብት እንዳለው ይናገራል፤ በአንቀጽ 41 ደግሞ መንግሥት አቅሙ በፈቀደ መጠን አረጋውያንን እንዲረዳ ያዝዛል። የአፍሪካ ኅብረትም በጥር 2008 ዓ.ም. በዚህችው በአዲስ አበባ ባጸደቀው የአረጋውያን መብቶች ፕሮቶኮል ፍትሕ ማግኘትን ከአረጋውያን መብቶች አንዱ አድርጎ ቈጥሮታል፤ አረጋዊ የሚለውም 60 ዓመትና ከዚያ በላይ የሆነውን ነው። መሠረቱ እንግዲህ አለ፤ የጎደለው በመሠረቱ ላይ የሚቆመው የቀን ቍጥር ነው።

ይህን የመሰለ ድንጋጌ ለማውጣት ስናስብ ሁለት እንቅፋት ከፊታችን ይቆማል። አንደኛው ዕድሜን ማስረዳት ነው። የልደት ምዝገባ በአገር አቀፍ ደረጃ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ማለቂያ ላይ ስለ ሆነ፣ ዛሬ በችሎት ፊት የሚቆመው የሰማንያ ዓመት ሽማግሌ የልደት ምስክር ወረቀት የሚኖረው በኋላ ያወጣው እንደ ሆነ ነው። ዕድሜውን ሲጠየቅ «ጣልያን በወጣ በአራተኛው ዓመት ነው የተወለድኩት ይሉኝ ነበር» ብሎ ይመልሳል፤ በቀበሌ መታወቂያው ላይ ያለው ቍጥር በግምት የተሞላ ነው፤ የክርስትና ስሙን የመዘገበ ካህን ካለም ዕድለኛ ነው። ስለዚህ ሕጉ መታወቂያውን በቂ ማስረጃ አድርጎ መቀበል ይኖርበታል፤ ስለ አንድ ወይም ስለ ሁለት ዓመት ልዩነት ሌላ ክርክር ተከፍቶ ቅድሚያው ራሱ ሦስት ቀጠሮ እንዳይፈጅ።

ሁለተኛው እንቅፋት ብልጠት ነው። ቅድሚያ ባለበት ስፍራ ሁሉ ቅድሚያን የሚከራይ ሰው ይገኛል፤ የራሳቸውን የንግድ ክርክር ለማፋጠን አያታቸውን በከሳሽነት የሚያስገቡ ልጆች እንደሚመጡ ለመገመት ነቢይ መሆን አያሻም። ካሊፎርኒያ «በጠቅላላው ክርክር ቁም ነገር ያለው ጥቅም» ያለችው ይህን ለመከላከል ይመስለኛል። ለእኛም ቅድሚያውን በጉዳዩ ዓይነት መወሰን የሚበጅ ይሆናል፤ ቀለብ፣ የሚኖሩበት ቤት፣ የጡረታ ገንዘብ፣ የውርስ ድርሻና የአካል ጉዳት ካሣ ቢካተቱ፣ የአረጋውያን ትልቁ ክርክር የተሸፈነ ይሆናል።

አዲስ ሕግ እስኪወጣ ድረስ ግን እጃችን ባዶ አይደለም። በ1958ቱ ሕግ ውስጥ ለተወሰኑ ጉዳዮች የተፋጠነ ሥነ ሥርዓት የሚባል አለ። በሕመም ወይም በድካም ምክንያት ከችሎት መቅረብ ያልቻለን ሰው ቃል በተወካይ አማካይነት ካለበት ስፍራ የሚያስቀበልበትም መንገድ ለዳኛው ተከፍቷል። ቀጠሮ የሚለወጠው በቂ ምክንያት ሲገኝ መሆኑን ያው ሕግ ይናገራል፤ ምክንያቱ በቂ ነው ወይስ አይደለም የሚለውን የሚመዝነው ዳኛ የተከራካሪውን ዕድሜ በሚዛኑ ላይ እንዳያኖር የከለከለው የለም። በክረምቱም ወራት አስቸኳይ ጉዳዮችን የሚሰሙ ተረኛ ችሎቶች ይሠየማሉ፤ የሰማንያ ዓመት ሰው ምስክርነት አስቸኳይ ካልተባለ ምን አስቸኳይ ሊባል እንደሚችል ያስቸግራል። የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 1234/2013 ደግሞ በፍርድ ቤት ውስጥ የሚካሄድ የማስማማት ሥርዓት አቋቁሟል፤ በሽምግልና አድገው በሽምግልና ለኖሩ ሰዎች ይህ የሚቀርባቸው መንገድ ነው። አስማሚዎቹ ግን አንድ ነገር እንዲጠነቀቁ እለምናለሁ፤ የቆየው ክርክር ያደከመው ሽማግሌ ከድርሻው ግማሹን ትቶ የሚፈርመው ወረቀት ዕርቅ መሆኑና መሸነፉ በቀላሉ አይለይም።

ዕድሜው የገፋ ባለጉዳይ በቤቱ ያለ አንባቢ ይህን ያድርግ፦ በመጀመሪያው የክስ ማመልከቻ ወይም መልስ ላይ ዕድሜውን በግልጥ ያስጽፍ፤ የመታወቂያውን ቅጂና ሕመም ካለበትም የሐኪም ማስረጃውን ያያይዝ፤ ቀጠሮው እንዲያጥር፣ የርሱም ቃል ከሌሎቹ ምስክሮች አስቀድሞ እንዲመዘገብ በጽሑፍ ያመልክት። ጥያቄው ውድቅ ቢሆን እንኳ በመዝገቡ ላይ ይቀራል፤ ያልተጠየቀ ዳኛ ግን በአጀንዳው ላይ የሚያየው የመዝገብ ቍጥር እንጂ ሽበት አይደለም።